የድሬዳዋ የጁራሲክ ኖራ ድንጋይ ፎራሚኒፌራዎች፦ የጠቆረ ግድግዳ ብቻውን ለምደባ ይበቃል?

ከዚራ (ጠያቂ)

የተከበራችሁ የመድረኩ አባላት፣ ሰላምታዬ ይድረሳችሁ። የሁለተኛ ዲግሪ ማሟያ ጥናቴን የምሠራው በድሬዳዋ ዙሪያ በሚገኘው የጁራሲክ ዘመን የኖራ ድንጋይ ላይ ነው። ናሙናዎቹን የወሰድኩት ከከተማዋ በስተደቡብ ካሉት ኮረብታዎችና ወደ ደንገጎ በሚያወጣው መንገድ ዳር ከተጋለጡት ንጣፎች ሲሆን፣ ከየናሙናው ቲን ሴክሽን (ብርሃን እንዲያልፍበት ሆኖ የሳሳ የድንጋይ ቁራጭ) አሠርቼ በማይክሮስኮፕ እየመረመርኩ እገኛለሁ። በድንጋዩ ውስጥ ፎራሚኒፌራ፣ ማለትም ባለ ዛጎል ነጠላ ሕዋስ ፍጡራን፣ ሞልቷል፤ ምደባው ላይ ስደርስ ግን መንገዱ ይጠፋብኛል።

በተደጋጋሚ የማገኛቸው ቅርጾች አራት ናቸው። አንደኛው ረዘም ያለ፣ ከሾጣጣ ተነሥቶ ወደ ሲሊንደር የሚያደላ፣ መካከሉ በጠጣር ነገር የተሞላና በጠርዙ አጠገብ አጫጭር መስመሮች የተደረደሩበት ነው። ሁለተኛው መጀመሪያ በአንድ ጠለል ላይ ተጠቅልሎ በኋላ ጥቅልሉን ትቶ ቀጥ ብሎ ያድጋል፤ ግድግዳውም በጣም ወፍራም ነው። ሦስተኛው ከግማሽ ሚሊ ሜትር ብዙም የማይበልጥ ሲሆን፣ በጎኑ የተቆረጠው የሌንስ ቅርጽ አለው። አራተኛው ከሁሉም ያነሰ ነው፤ ጓዳዎቹ (የዛጎሉ ክፍሎች) መካከሉን ከበው በተለያየ አቅጣጫ እንደተደራረቡ ቅስቶች ይታያሉ። ለጊዜው የመጀመሪያውን ኩርኑቢያ፣ ሁለተኛውን ፕሲውዶሳይክላሚና፣ ሦስተኛውን ናውቲሎኩሊና፣ አራተኛውን ሚሊዮሊድ ብያቸዋለሁ።

ጥያቄዬ የሚነሣው ከግድግዳቸው ነው። አራቱም በተራ ብርሃን ሲታዩ ጠቆር ያሉ ናቸው። አብሮኝ የሚያጠና ባልደረባዬ ጠቆር ያለ ግድግዳ ሁሉ ፖርሲሊን መሰል ስለሆነ አራቱም ከሚሊዮሊዳ ክፍለ መደብ መግባት አለባቸው ይላል። ያነበብኳቸው መጻሕፍት ግን ኩርኑቢያንና ፕሲውዶሳይክላሚናን የሚያስቀምጧቸው ከባሕር ወለል ቅንጣት ለቅመውና አጣብቀው ዛጎላቸውን ከሚሠሩት ጋር ነው። ይሁን እንጂ በእኔ ቲን ሴክሽኖች ውስጥ በግድግዳቸው ላይ አንድም የአሸዋ ቅንጣት አላየሁም። መጻሕፍቱም እርስ በርሳቸው አይስማሙም፤ አንዱ አጣባቂዎቹን በሙሉ በአንድ ንዑስ ክፍለ መደብ ሲሰበስብ ሌላው በብዙ ክፍለ መደቦች ይበትናቸዋል። እንግዲህ አስቀድሞ ሊመረመር የሚገባው ግድግዳው ነው፣ የጓዳዎቹ አደራደር ነው ወይስ የውስጥ መዋቅሩ? ኳርትዝ በሌለበት ድንጋይ ውስጥስ አጣባቂነት በምን ይታወቃል? ልምዱ ያላችሁ ብታስረዱኝ ትልቅ ውለታ ነው።


ጁገል

እህታችን ከዚራ፣ ጥያቄውን በሚገባ አስቀምጠውታል። ብዙ ጊዜ ሰው ስም ብቻ ጽፎ «ይህ ትክክል ነው?» ይላል፤ እርስዎ ግን ያዩትን አስቀድመው ገልጸዋል፤ ስለዚህ መልስ መስጠት ይቻላል። እኔ በሐረር ተቀምጬ ጡረታ እስክወጣ ድረስ በደለል ድንጋይ ላይ ስሠራ የቆየሁ ሰው ነኝ፤ ከግድግዳው እጀምራለሁ።

የባልደረባዎ አነጋገር ሊቀበሉት የሚገባ አይደለም። በቲን ሴክሽን ውስጥ ጥቁረት የሚነግረን ብርሃኑ በግድግዳው ውስጥ እንደ ልብ አለማለፉን ብቻ ነው። ብርሃን የሚታገደው ደግሞ በሁለት ፈጽሞ በተለያዩ ምክንያቶች ነው። ፖርሲሊን መሰል በሚባሉት በሚሊዮሊዶች ግድግዳውን የሚሠራው ሕያው ሕዋሱ ራሱ ነው፤ ጥቃቅን የካልሳይት መርፌዎችን ያለ አንድ አቅጣጫ ያማስላል፤ በዛሬዎቹ ዝርያዎች ይህ ካልሳይት ማግኒዥየም የበዛበት ነው። በተዘበራረቁት መርፌዎች ምክንያት ብርሃኑ ስለሚበተን፣ ዛጎሉ ከላይ በሚያርፍ ብርሃን ሲታይ ነጭና የሚያበራ፣ ከሥር በሚያልፍ ብርሃን ሲታይ ግን ቡናማ ወይም ጠቆር ያለ ይሆናል። ቀዳዳም የለውም። በአጣባቂዎቹ ግን ሕዋሱ የሚያመነጨው ማጣበቂያውን ሲሆን፣ ቅንጣቶቹን የሚያገኘው ከሚኖርበት ወለል ነው።

ወለሉ ምን ነበር? የጁራሲክ ባሕር ምሥራቅ ኢትዮጵያን ሲሸፍን በዚህ አካባቢ የነበረው ጥልቀት የሌለው፣ ሞቃትና የጠራ የካርቦኔት መድረክ፣ ማለትም የኖራ ደለል የሚከማችበት ሰፊ የባሕር ወለል፣ ነበር። ከሥሩ የአዲግራት አሸዋ ድንጋይ አለ፤ በላዩ የእርስዎ የኖራ ድንጋይ፣ አንዳንዱ አንጣሎ ሌላው ሐማንሌይ የሚለው፣ ተከምሯል፤ ከዚያ በላይ እንደገና አሸዋ ድንጋይ፣ በመጨረሻም ባዛልት ይመጣል። የኖራው ድንጋይ በተከማቸበት ጊዜ የወለሉ ጭቃ ራሱ ኖራ ነበር። እንግዲህ በዚያ የሚኖር አጣባቂ ፎራሚኒፌራ ኳርትዝ ከየት ያመጣል? የሚለቅመው ያንኑ ድቃቂ የኖራ ጭቃ ነው። በዚህ ምክንያት ግድግዳው ጥቃቅን የካልሳይት ቅንጣቶች የታጨቁበት፣ ግራጫ ወይም ጥቁር ሆኖ ይታያል። ኳርትዝ አለመኖሩ አጣባቂነቱን አያፈርስም።

ልዩነቱን ለማየት ዝቅተኛውን ማጉያ ትተው በከፍተኛው ይመልከቱ። የሚሊዮሊድ ግድግዳ ወጥ ነው፤ ጠርዙ የጠራ፣ ውፍረቱ ከቦታ ቦታ ብዙም የማይለዋወጥ፣ በከፍተኛ ማጉያም ቢሆን ቅንጣት ከቅንጣት የማይለይበት ነው። የአጣባቂው ግድግዳ ግን ሸካራ ነው፤ የቅንጣቶቹ መጠን አንድ ዓይነት አይደለም፤ አንዳንድ ጊዜም ከሌሎቹ ተለቅ ያለ የካልሳይት ወይም የዛጎል ስባሪ በግድግዳው ውስጥ ተሰክቶ ይገኛል። እንዲህ ያለ ባዕድ ስባሪ ካገኙ ጉዳዩ ተፈታ። ከአሸዋ ድንጋዩ ጋር ከሚዋሰኑት የታችኛዎቹ ንጣፎች ናሙና ካለዎት መጀመሪያ እነዚያን ይመርምሩ፤ ወለሉ ላይ ኳርትዝ በነበረበት ቦታ አጣባቂው ኳርትዙን ከግድግዳው ሊያስገባው ይችላልና።

ሦስተኛውን የግድግዳ ዓይነትም ለማነጻጸሪያ ይፈልጉ። ከጭቃማዎቹ ንጣፎች ሌንቲኩሊና የሚባለውን ቢያገኙ፣ ግድግዳው ብርጭቆ መሰልና የጠራ ነው፤ የማይክሮስኮፑ ፖላራይዘሮች (ብርሃንን በአንድ አቅጣጫ ብቻ የሚያሳልፉት ማጣሪያዎች) ተሻግረው የናሙናው መድረክ ሲዞር የካልሳይቱ ክሮች ከውስጥ ወደ ውጭ ቀጥ ብለው መደርደራቸውን በጥላው እንቅስቃሴ ያያሉ። ያንን ከኩርኑቢያዎ አጠገብ አድርገው ያዩ ሰው ዳግመኛ አይሳሳቱም።


ለገሃሬ

ሰላም እህቴ ከዚራ። የእኔ ሥራ ድንጋይ መቁረጥና ቲን ሴክሽን ማዘጋጀት ስለሆነ ስለ ምደባው ጋሽ ጁገል ይበቃሉ፤ ስለ ዝግጅቱ ግን የምጨምረው አለኝ፤ አንዳንዱ ችግር ከዝግጅቱ የሚመጣ ነውና።

የተለመደው ውፍረት 30 ማይክሮ ሜትር ነው። እንዲህ ጠቆር ያሉ ድቃቅ ግድግዳዎች በዚህ ውፍረት ድፍን ጥቁር ሊመስሉሽ ይችላሉ፤ አንዱን ሴክሽን ከዚያ ጥቂት አሳንሰሽ ብታስፈጪው ቅንጣቶቹ ይገለጣሉ። ሴክሽኑ በመሸፈኛ ብርጭቆ ሳይዘጋ ይቆይ፤ በደቃቁ የሲሊከን ካርባይድ ዱቄት ደግመሽ ልትሞርጂው ትችያለሽና። ኤፖክሲውን በምትቀላቅሉበት ጊዜ ደግሞ የድሬን ሙቀት አትርሱ፤ በቀዝቃዛ አገር የተጻፈው የማድረቂያ ሰዓት እዚህ አይሠራም፤ በትልቅ ዕቃ የተቀላቀለው ቶሎ ይግላል፣ ይጠነክራል፣ አረፋም ይይዛል። ጥቂት ጥቂት እየቀላቀሉ በማለዳ መሥራት ይሻላል።

ሌላው፣ ድንጋዩ ወደ ዶሎማይት (ማግኒዥየም ያለበት የካርቦኔት ማዕድን) የተለወጠ እንደሆነ ግድግዳው የነበረውን መልክ ያጣል። አሊዛሪን ሬድ የተባለውን ማቅለሚያ በቀጭን ሃይድሮክሎሪክ አሲድ አሟሙተሽ ብትቀቢው ካልሳይቱ ይቀላል፣ ዶሎማይቱ ሳይቀባ ይቀራል። በብዛት ዶሎማይት የሆነውን ናሙና ለግድግዳ ምርመራ አትጠቀሚበት።

ከሁሉም በላይ ግን አንድ ናሙና በአንድ አቅጣጫ ብቻ ተቆርጦ አይበቃም። ድንጋዩን ከንጣፉ ጋር ትይዩ፣ ደግሞም ለንጣፉ ቀጤ ነክ አድርገሽ አስቆርጪው። መስክ ላይ ደግሞ ዝናብና ፀሐይ ያረጀውን ፊት በውኃ አርጥበሽ በእጅ ሌንስ ካየሽው፣ ትልልቆቹ ቅርጾች ጎልተው ስለሚወጡ የቱ ድንጋይ መቆረጥ እንዳለበት በቦታው ትወስኛለሽ።


ከዚራ

ጋሽ ጁገል፣ ወንድሜ ለገሃሬ፣ ከልብ አመሰግናችኋለሁ። አዲስ ሴክሽኖች አስቆርጬ ተመልክቻለሁ። ኩርኑቢያ ባልኩት ግድግዳ ውስጥ ከአካባቢው ጭቃ ተለቅ ያለ መጠን ያለው የዛጎል ስባሪ ተሰክቶ አግኝቻለሁ፤ አራተኛው ትንሹ ቅርጽ ግን በከፍተኛ ማጉያም ወጥ ነው። ስለዚህ አጣባቂውና ፖርሲሊን መሰሉ ተለይተውልኛል።

አሁን ደግሞ ሌላ ነገር ተፈጠረ። ከንጣፉ ጋር ትይዩ በተቆረጡት ሴክሽኖች ውስጥ ሁለት አዳዲስ ነገሮች አሉ። አንዱ ክብ ሆኖ፣ መካከሉ ድፍን፣ ከጠርዙ ወደ ውስጥ የሚገቡ አጫጭር ግድግዳዎች በዙሪያው የተደረደሩበት ነው። ሌላው ጓዳም ማዕከልም የለውም፤ የሚታየው በሙሉ ባለ ብዙ ጎን ጥቃቅን ክፍተቶች የተያያዙበት መረብ ነው። እነዚህ ሌሎች ወገኖች ናቸው? ፕሲውዶሳይክላሚና ያልኩትስ በእርግጥ እርሱ መሆኑ በምን ይረጋገጣል?


ጁገል

ሦስቱም አንድ ናቸው። ረጅሙ፣ ክቡና መረቡ በሦስት አቅጣጫ የተቆረጠ ኩርኑቢያ ነው፤ ይህ ጉዳይ የዚህ ወገን ዋና ቁም ነገር ስለሆነ ሰፋ አድርጌ ልግለጸው።

የኩርኑቢያ ዛጎል ሽቅብ እየተጠመዘዘ የሚያድግ ነው፤ ዝቅ ያሉት ጓዳዎች በመካከለኛው ምሰሶ ዙሪያ እየዞሩ ይነባበራሉ። ምሰሶው የተሠራው ከየአካፋዩ፣ ማለትም ጓዳን ከጓዳ ከሚለየው ግድግዳ፣ ውስጠኛ ጫፍ የሚወጡ ጠጣር ክፍሎች እርስ በርስ በመዋሐዳቸው ነው፤ በዚህም ምክንያት መካከሉ ድፍን ሆኖ ይታያል። ከውጭኛው ቆዳ ሥር ደግሞ ሌላ መዋቅር አለ። ከቆዳው ወደ ጓዳው ውስጥ የሚገቡ ስስ ግድግዳዎች አንዳንዶቹ ለአካፋዩ ቀጤ ነክ ሆነው፣ ሌሎቹ ከአካፋዩ ጋር ትይዩ ሆነው ይሻገራሉ፤ በመካከላቸው የሚቀሩት ክፍተቶች ከውጭ በኩል እንደ ማር ሰፈፍ የተያያዙ ናቸው። ወደ ጓዳው ጠልቀው የማይገቡ በመሆናቸውም የጓዳው ውስጠኛ ክፍል ክፍት ሆኖ ይቀራል።

ቢላዋው ምሰሶውን ተከትሎ በርዝመቱ ሲያልፍ የሚታየው እርስዎ አንደኛ ያሉት ቅርጽ ነው፤ ጓዳዎቹ ተዳፋት መስመሮች ሆነው፣ የቆዳ ሥር ግድግዳዎቹ በጠርዙ አጫጭር መስመሮች ሆነው ይወጣሉ። ምሰሶውን አቋርጦ ሲያልፍ ክቡ ይገኛል። ቢላዋው ቆዳውን ብቻ ገፎ ሲያልፍ ግን ጓዳም ምሰሶም አይገኝም፤ የሚቀረው መረቡ ነው። ሦስቱን በየስማቸው የቆጠረ ሰው በአንድ ድንጋይ ውስጥ ሦስት ወገን አገኘሁ ብሎ ይጽፋል፤ ከዚያም ስለ ጥንቱ ባሕር ብዝኃ ሕይወት የሚሰጠው ፍርድ ሁሉ የተዛባ ይሆናል። ስለዚህ የእርስዎ ሥራ ቅርጾቹን በየስማቸው ከመዘርዘር በፊት አንዱ ከሌላው ጋር በጠፈር ውስጥ እንዴት እንደሚገጥም በወረቀት ላይ መሣል ነው። ያለዚህ ሥዕል የትልልቅ ፎራሚኒፌራዎች ጥናት አይሆንም።

ኩርኑቢያን ከዘመዶቹ የሚለየውም ይኸው የቆዳ ሥር መረብ ነው። ፕፌንደሪና የተባለው ወገን ምሰሶ አለው፤ መረብ ግን የለውም። ምሰሶውን ብቻ ዓይተው ኩርኑቢያ የሚሉ አሉ፤ ጠርዙ በተሸረሸረ ዛጎል ላይ ይህ በቀላሉ ያጋጥማል፤ ስለዚህ ጠርዙ ሙሉ የሆነውን ብቻ ይቁጠሩ። ኩርኑቢያን በ1948 የሰየመው ሄንሰን ሲሆን፣ ኩርኑቢያ ፓላስቲኒየንሲስ የተባለው ዝርያ ከመካከለኛው ምሥራቅ እስከ ምሥራቅ አፍሪካ በተዘረጋው የቴቲስ ባሕር ደቡባዊ ጠርዝ ላይ በጁራሲክ ድንጋዮች ውስጥ በብዛት ይገኛል። የእርስዎን ድንጋይ ዘመን ለመገደብ የሚጠቅምዎም እርሱ ነው።

ወደ ሁለተኛው ልሂድ። ፕሲውዶሳይክላሚና ሊቱስ የተባለውን ዝርያ በ1890 ዮኮያማ የገለጸው ከጃፓን በተገኘ ናሙና ነበር፤ ከዚያ እስከ እኛ አገር ድረስ መገኘቱ የዚያን ዘመን ሞቃት ባሕሮች ትስስር ያሳያል። ጥቅልልነቱና በኋላ ቀጥ ማለቱ ብቻውን ግን ስሙን አይሰጠውም፤ ተመሳሳይ አስተዳደግ ያላቸው ሌሎች ወገኖች አሉና። ሊመለከቱት የሚገባው አካፋዩን ነው። በመጨረሻዎቹ ጓዳዎች አካፋይ ላይ ብዙ ቀዳዳዎች ተበታትነው ካሉ ፕሲውዶሳይክላሚና ነው። ቀዳዳው አንድ ብቻ ከሆነ ኤቨርቲሳይክላሚና የሚለውን ስም ይመርምሩ። ግድግዳው ላይ ያለው የጥቃቅን ክፍተቶች ንብርብር ወደ አካፋዮቹም ከገባ ደግሞ አልቬኦሴፕታ ሊሆን ይችላል። እዚህም አንድ ሴክሽን አይበቃም፤ በአንድ ቁራጭ ላይ አንድ ቀዳዳ ብቻ መታየቱ ቢላዋው ሌሎቹን ስቶ እንዳለፈ እንጂ እንደሌሉ አያረጋግጥም።

ናውቲሎኩሊና ያሉት መልካም ይመስለኛል፤ በአንድ ጠለል የተጠቀለለ፣ እያንዳንዱ ዙር የቀደመውን ሙሉ በሙሉ የሚሸፍን፣ እምብርቱ ላይ የወፈረ ከሆነ ብዙ አያከራክርም። የሚሊዮሊዱም ነገር ግልጽ ነው፤ እያንዳንዱ ጓዳ የግማሽ ዙር ቱቦ ሲሆን፣ ኪንኬሎኩሊና በሚባለው ወገን ተከታዩ ጓዳ ከቀደመው 144 ዲግሪ ዞሮ ስለሚያርፍ በመስቀለኛ ቁርጥ አምስት አቅጣጫዎች ይታያሉ።


ሳቢያን

እኔ የባዮሎጂ መምህር ነኝ፤ ስለ ሁለተኛው የጥያቄው ክፍል፣ መጻሕፍቱ ስለማይስማሙበት ምክንያት፣ የማውቀውን ላካፍል።

የፎራሚኒፌራ ምደባ በታሪኩ ውስጥ ዋና መስፈርቱን ደጋግሞ ለውጧል። ፈረንሳዊው አልሲድ ዶርቢኚ በ1826 ስም ሲሰጣቸው ከስኩዊድና ናውቲለስ ዘመዶች አንድ ክፍል አድርጎ ቆጥሯቸው ነበር፤ የመደባቸውም በጓዳዎቻቸው አደራደር ነው። ዱዣርደን በ1835 ነጠላ ሕዋስ ፍጡራን መሆናቸውን አሳየ። በ1862 እንግሊዛዊው ካርፔንተርና ባልደረቦቹ ግድግዳውን፣ ማለትም ቀዳዳ ያለውንና የሌለውን፣ ዋና መለያ አደረጉ። ከዚያ ወዲህ ለመቶ ዓመት ከዚያም በላይ ግድግዳው የበላይ ሆኖ ቆየ። ሎብሊክና ታፓን በ1987 ባወጡት ታላቅ ምደባም አጣባቂዎቹ በሙሉ ቴክስቱላሪና በተባለ አንድ ንዑስ ክፍለ መደብ ውስጥ ነበሩ፤ ኩርኑቢያም በዚያ ሥር በፕፌንደሪኒዴ አስተኔ ይገኛል። እህታችን ያነበበችው አንደኛው መጽሐፍ ይህን የተከተለ መሆን አለበት።

ሆኖም አጣባቂነት የአንድ ቤተሰብ ብቻ ምልክት አለመሆኑ እየተገለጠ ሄደ። በ2004 ካሚንስኪና ሚኻሌቪች፣ ውስጣቸው በጥቃቅን ክፍተቶች የተወሳሰበውን አጣባቂዎች ሎፍቱሲዳ በሚል ክፍለ መደብ ለብቻቸው አወጧቸው። ኩርኑቢያና ፕሲውዶሳይክላሚና ዛሬ የሚመደቡት እዚያ ነው። ከዚያም የሕያዋኑን ዲኤንኤ በማነጻጸር ፓውሎቭስኪና ባልደረቦቹ በ2013 ባለ ብዙ ጓዳዎቹን በሁለት መደቦች ከፈሏቸው፤ ጓዳቸው በመሠረቱ ቱቦ የሆነው ቱቦታላሜያ፣ ጓዳቸው ክብ የሆነው ግሎቦታላሜያ። ባለ አንድ ጓዳዎቹ ከሥር ያሉ፣ አንድ ወጥ የዘር ሐረግ የማይሠሩ ሆነው ተገኙ።

እዚህ ላይ ልብ ሊባል የሚገባው፣ ሚሊዮሊዶች ከቱቦዎቹ ጋር ሲሆኑ ከእነርሱ ጎን አንዳንድ አጣባቂዎች አብረው መግባታቸው ነው። ሌሎቹ አጣባቂዎች ደግሞ ብርጭቆ መሰል ግድግዳ ካላቸው ሮታሊዶች ጋር በክቦቹ መደብ ይገኛሉ። ቅንጣት ማጣበቅ በሁለቱም ሐረጎች ውስጥ አለ ማለት ነው። ስለዚህ የባልደረባዋ ሐሳብ በአሮጌውም በአዲሱም ምደባ አይቆምም፤ በአሮጌው ግድግዳው ስለሚለያይ፣ በአዲሱ ደግሞ የሚሊዮሊዱና የኩርኑቢያ ጓዳዎች አመጣጥ ስለሚለያይ።

የጠፋ ፍጡር ዲኤንኤ እንደማይተው ግን መዘንጋት የለበትም። ኩርኑቢያ በግሎቦታላሜያ የሚቀመጠው በቅርጹ ተመሳሳይነት ነው፤ በዚህ ደረጃ የሚሰጠው ፍርድ ወደፊት ሊሻሻል የሚችል መሆኑን በጥናቷ ውስጥ አንድ ዓረፍተ ነገር ብትጽፍበት ተገቢ ነው እላለሁ።


ፈረስ መጋላ

ለሁላችሁም ምስጋና ይድረሳችሁ፤ ብዙ ተምሬበታለሁ። በሐረር የሁለተኛ ደረጃ መምህር ነኝ። ተማሪዎቼ በግብፅ ፒራሚዶች ድንጋይ ውስጥ ስለሚገኙት፣ ኑሙላይት ስለሚባሉት ሳንቲም መሰል ፎራሚኒፌራዎች አንብበው፣ በእኛም አካባቢ ይገኙ እንደሆነ ይጠይቁኛል። በድሬዳዋ የኖራ ድንጋይ ውስጥ ሊገኙ ይችላሉን?


ጁገል

መምህር፣ በድሬዳዋ የጁራሲክ ድንጋይ ውስጥ አይገኙም፤ የዘመን ጉዳይ ነው። ጁራሲክ ያበቃው ከ145 ሚሊዮን ዓመታት በፊት ነው፤ ኑሙላይቶች ግን የበዙት በኢዮሲን፣ ከ56 እስከ 34 ሚሊዮን ዓመታት በፊት ባለው ጊዜ ነው። በዚያን ጊዜ ባሕሩ ወደ ምሥራቅ ኦጋዴንና ወደ ሶማሊያ ሸሽቶ ነበር፤ የዚያ ዘመን የባሕር ድንጋይ፣ እንደ አውራዱ የኖራ ድንጋይ ያለው፣ የሚገኘውም በዚያ ነው። በተቃራኒው ደግሞ በቀደመው ዘመን የኖሩት ፉሱሊኒድ የተባሉት ፎራሚኒፌራዎች በፐርሚያን መጨረሻ ስለጠፉ፣ ባሕሩ ወደዚህ ከመምጣቱ በፊት አልቀዋል።

ለተማሪዎችዎ ግን ኑሙላይት ጥሩ ማነጻጸሪያ ነው። ግድግዳው ሕዋሱ ራሱ ያመነጨው፣ ቀዳዳዎች ያሉት፣ የጠራ ካልሳይት ነው፤ በአንድ ጠለል ይጠቀለላል፤ በጠርዙ ዙሪያ ውስጡ በቦዮች የተበሳሳ ወፍራም ገመድ ይዞራል። ምንም የለቀመው ቅንጣት የለበትም። የአንድ ዝርያ ዛጎሎችም በሁለት መልክ ይገኛሉ፤ የመጀመሪያ ጓዳው ትልቅ የሆነው ዛጎል በጠቅላላ መጠኑ ትንሽ ነው፤ የመጀመሪያ ጓዳው በዓይን የማይታየው ግን ብዙ ሴንቲ ሜትር ሊደርስ ይችላል። ይህ የሚሆነው ፆታዊና ኢፆታዊ ትውልዶች ስለሚፈራረቁ ነው። ቀድሞ ሁለቱን መልኮች በሁለት የዝርያ ስም መጥራት የተለመደ ነበር። የጥንቱ ጂኦግራፈር ስትራቦ በፒራሚዶቹ አጠገብ ያያቸውን እነዚህን ዛጎሎች፣ የሠራተኞች የተረፈ ምስር ወደ ድንጋይ የተለወጠ ነው የሚል ወሬ እንደነበረ ጽፏል።


ከዚራ

መምህር ሳቢያን፣ ጋሽ ጁገል፣ በዝርዝር ስላስረዳችሁኝ ምስጋናዬ የላቀ ነው። የፕሲውዶሳይክላሚና አካፋዮችን እንደገና አይቻለሁ፤ በአንዳንዶቹ ብዙ ቀዳዳዎች በግልጽ ይታያሉ፤ በሌሎቹ ግን ቁርጡ ሰያፍ ስለሆነ ለመወሰን ያስቸግራል። በጥናቴ የሥዕል መግለጫዎች ላይ እነዚህን ያልተወሰኑትን እንዴት ብጽፋቸው ትክክል ይሆናል? ምደባውንስ በየትኛው ሥርዓት ላቅርበው?


ጁገል

ያልተወሰነውን እንደተወሰነ አድርገው አይጻፉት። ብዙ ቀዳዳዎቹ የታዩበትንና ጥቅልሉም ቀጥ ያለውም ክፍል የተገኘበትን ቁርጥ በሙሉ የዝርያ ስም ይጻፉ። ቀዳዳዎቹ ታይተው የዝርያው መለያ ያልታየበትን በወገኑ ስም ብቻ ጠርተው «ዝርያው ያልተለየ» ይበሉ። አካፋዩ ፈጽሞ ያልታየበት ሰያፍ ቁርጥ ከሆነ ደግሞ «ጥቅልል ሎፍቱሲድ» ብለው ይተዉት፤ በቆጠራው ሠንጠረዥ ውስጥም ለብቻው ዓምድ ይስጡት። የቆዳ ሥር መረብ ብቻ የሚታይባቸውን ቁርጦች ከሙሉዎቹ ኩርኑቢያዎች ጋር አንድ ላይ አይደምሯቸው፤ ከአንድ ዛጎል ብዙ ቁራጭ ስለሚወጣ ቁጥሩ ያለ አግባብ ይበዛልና። በእያንዳንዱ ሥዕል ሥር የቁርጡን አቅጣጫ፣ በርዝመት፣ በመስቀለኛ፣ ለቆዳው ታካኪ ወይስ ሰያፍ መሆኑን፣ ከመለኪያ መስመር ጋር ይጻፉ።

ሥርዓቱን በተመለከተ በሎፍቱሲዳ ክፍለ መደብ ይጠቀሙ፤ አስተኔውን ግን የ1987ቱን ምደባ ለለመደ አንባቢ በዚያ ውስጥ የነበረበትን ቦታ ጨምረው ያመልክቱ። አዲሶቹ ሴክሽኖች ሲደርሱ የአካፋዮቹን ፎቶግራፍ እዚህ ቢለጥፉት አብረን እናየዋለን፤ በተለይ አካፋዩ ወፍሮ ውስጡ ክፍተት ያለው የመሰለው ካለ፣ አልቬኦሴፕታ እንዳይሆን እርሱን አስቀድመው ይላኩት።